የ«ዘ ሜሴጅ»ዋ ሂንድ፦ ስለ አይሪን ፓፓስ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ስለ ድሮ የግሪክ ፊልም ሳወራ ሰው ሁሉ ዝም ብሎ ያዳምጠኝና የተዋናይቷን የአይሪን ፓፓስን ፎቶ ሳሳየው «እንዴ ይቺማ ሂንድ ናት!» ይላል፣ «ዘ ሜሴጅ» የሚባለው ስለ እስልምና አጀማመር የተሰራው ፊልም ላይ ያለችዋን ማለቱ ነው። ከዛ ጥያቄው ይጀምራል። ሁሌ አንድ አይነት ስለሆነ እዚሁ ሰብስቤ ልመልሰው ብዬ ነው። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፣ በኛ ስጠቅስ እናገራለሁ። ስፖይለር ደግሞ ሞልቷል፣ የ60 ዓመት ፊልም ስለሆነ አትቆጡኝ።

«ዘ ሜሴጅ» ላይ ሂንድን የሰራችው ሴትዮ አረብ ናት እንዴ?

አይደለችም። ግሪክ ናት፣ ያውም የገጠር ልጅ። ፊልሙን የሰራው ሶሪያ ተወልዶ አሜሪካ የኖረው ሙስጠፋ አካድ ነው፣ 1976 ላይ ነው የወጣው፣ የነቢዩን አጎት ሐምዛን የሆነው አንቶኒ ክዊንም አረብ አይደለም፣ ሜክሲኮ ነው የተወለደው።

እኔ መጀመሪያ ያየሁት ልጅ ሆኜ ሰፈራችን ያለ ቪዲዮ ቤት ውስጥ ነው፣ አግዳሚ ላይ ተጠጋግተን፣ ካሴቱ እየዘለለ፣ ከሚናገሩት ግማሹ እንኳን አይገባንም ግን ታሪኩን ትልልቆቹ ከጎን እየነገሩን ነበር፣ ነጃሺ ጋ ሲደርስ ቤቱ በጭብጨባ ይደበላለቃል። ንጉሡ የመርየምን ነገር ሰምቶ በበትሩ መሬት ላይ መስመር ያሰምርና በናንተና በኛ መሀል ያለው ልዩነት ከዚች መስመር አይበልጥም የሚልበት ቦታ ማለት ነው። ሐበሻ ሆኖ ይሄን ፊልም ማየት ደግሞ ለየት ይላል፣ ስደተኛ አስጠግቶ አሳልፎ አልሰጥም የሚለው ንጉሥ የኛ ነው፣ አዛን የሚለው ቢላል ከሐበሻ ዘር ነው፣ ሐምዛን በጦር የሚወጋው ዋህሺም ሐበሻ ነው። ያንን ዋህሺን ነፃነት ቃል ገብታ የምትልከው ሂንድ ናት፣ በድር ጦርነት ላይ አባቷን ያጣች፣ በታሪክ የሐምዛን ጉበት አኘከች የምትባለዋ። እኛ ልጆቹ ከጦሩም ከፈረሱም ይልቅ የምንፈራው የሷን ዓይን ነበር። አትጮህም፣ አትፎክርም፣ ዝም ብላ ታያለች፣ እና የሆነ ሰው ሊሞት እንደሆነ ታውቃለህ።

እኔ ያየሁት ላይ ግን ሌላ ሴት ናት?

አረብኛውን ነው ያየኸው። ፊልሙ ሁለቴ ነው የተሰራው፣ ማለትም ዳቢንግ አይደለም፣ አንድ ሲን በእንግሊዝኛ ተቀርጾ ሲያልቅ እነ ክዊን ከቀረጻው ቦታ ይወጡና የአረብ ተዋንያን ገብተው ያንኑ በአረብኛ ይደግሙታል። በአረብኛው ሂንድን የሰራችው ሶሪያዊቷ ሙና ዋሲፍ ናት። ቀረጻው ሞሮኮ ተጀምሮ ሊቢያ ነው ያለቀው። የትኛዋ ትበልጣለች ብሎ የሚከራከር አለ፣ እኔ ባልጠየቅ ይሻላል፣ አድሏዊ ነኝ።

ትክክለኛ ስሟ ማነው? ፓፓስ የአባቷ ስም ነው?

የባሏ ነው፣ ያውም ብዙ ያልቆየ ባል። ስትወለድ ኢሪኒ ሌሌኩ ነበረች። 1948 ላይ አልኪስ ፓፓስ የሚባል ዳይሬክተር አገባች፣ 1951 ላይ ተፋቱ፣ ስሙ ግን እስክትሞት አብሯት ቀረ። ግሪኮች ራሳቸው «ኢሪኒ ፓፓ» ነው የሚሏት፣ እነሱ ጋ የሴት የቤተሰብ ስም መጨረሻው ይለወጣል። «ኢሪኒ» ደግሞ በግሪክኛ ሰላም ማለት ነው፣ ስለዚህ በኛ ቤት ቢሆን ሰላማዊት ትባል ነበር ማለት ነው። ዕድሜ ልኳን ደም ያለበት ታሪክ ስትሰራ የኖረች ሴት ስሟ ሰላም መሆኑ ሁሌ ፈገግ ያሰኘኛል።

የት ነው የተወለደችው?

ኪሊዮሞዲ የምትባል መንደር፣ ቆሮንቶስ አጠገብ። አዎ፣ ቅዱስ ጳውሎስ መልእክት የጻፈላት ቆሮንቶስ። ቀኑ መስከረም 3 ቀን 1929 ነው ይባላል፣ 1926 የሚሉም አሉ፣ በብዛት የምታገኙት ግን 1929ን ነው። እናቷም አባቷም አስተማሪዎች ነበሩ፣ አባትየው የጥንት የግሪክ ድራማ ያስተምር ነበር፣ ስለዚህ ሌላው ልጅ ተረት ሲሰማ እሷ እቤት የምትሰማው በትሮይ ጦርነት ግሪኮችን ስለመራው ንጉሥ ስለ አጋሜምኖን ነው።

የመንደሯን ነገር ልጨምር፣ ምክንያቱም ደስ ይላል። እዛው አጠገብ ቴኔያ የምትባል ጥንታዊ ከተማ ነበረች፣ የድሮ ጸሐፊዎች እንደሚሉት ነዋሪዎቿ አጋሜምኖን ከትሮይ ጦርነት ማርኮ ያመጣቸው ሰዎች ዘር ነን ይሉ ነበር። አርኪዮሎጂስቶች 2018 ላይ የከተማዋን ፍርስራሽ አገኘን ብለው አወጁ። እና አስቡት፣ የትሮይ ምርኮኞች ሰፈሩበት በሚባል አፈር ላይ ያደገች ልጅ ናት በኋላ ስለ ትሮይ ሴቶች ምርኮ የተሰራው ፊልም ላይ የተወነችው።

ትወና እንዴት ጀመረች?

ልጅ እያለች ከጨርቅና ከእንጨት አሻንጉሊት ትሰራ ነበር። አንድ ጊዜ ተዘዋዋሪ የቲያትር ቡድን መንደራቸው መጥቶ ትራጄዲ አሳየ፣ ሴቶቹ ፀጉራቸውን እየነጩ ሲያለቅሱ አየች፣ ከዛ በኋላ ጥቁር ሻሽ ራሷ ላይ አስራ የሰፈር ልጆችን ሰብስባ ታለቅስላቸው ጀመር። ለቅሶ ቤት የሚጫወቱ ልጆች እኛም ሰፈር ነበሩ፣ ግን ያንን ጨዋታ ይዞ ኒውዮርክ ድረስ የሄደ አላውቅም።

በ7 ዓመቷ ቤተሰቡ አቴንስ ገባ፣ በ15 ዓመቷ የሮያል ድራማ ትምህርት ቤት ገባች። የመጀመሪያ ፊልሟ 1948 ላይ ነው፣ 1951 ላይ የሰራችው «የሞተች ከተማ» ደግሞ ካን ፌስቲቫል ሄዶ ሰው አያት። ከዛ ጣሊያኖች ወሰዷትና የመኳንንትና የጦርነት አልባሳት የበዛባቸው ፊልሞች ላይ አስገቧት፣ አቲላ ምናምን፣ እነሱን ባታዩዋቸውም አይቆጭም። 1956 ላይ ከጄምስ ካግኒ ጋር የካውቦይ ፊልም ሰራች፣ ሆሊውድ የገባችበት ነው።

ዓለም ያወቃት በየትኛው ፊልም ነው?

«ዘ ገንስ ኦፍ ናቫሮን»፣ 1961። ግሬጎሪ ፔክ፣ ዴቪድ ኒቨን፣ አንቶኒ ክዊን (ይሄ ሰውዬ ሁሉም ቦታ አለ)፣ ሮድስ ደሴት ላይ የተቀረጸ የሁለተኛው ዓለም ጦርነት ፊልም። እሷ ማሪያ የምትባል የግሪክ አርበኛ ናት። መጽሐፉ ላይ አርበኞቹ ወንዶች ነበሩ፣ ለፊልሙ ነው ሴት የገባበት። ወንዶቹ ከሃዲዋን ማን ይግደላት ብለው ሲጨቃጨቁ፣ አንዱ ሞራል ሲያወራ ሌላው ሽጉጥ ሲያወጣ፣ ተኩስ ይሰማል፣ ዞር ሲሉ ማሪያ ናት። ጨረሰችው። ሆሊውድ ከሷ የፈለገው ይሄን ነበር፣ ኮስታራ፣ ጥቁር ፀጉር፣ ወፍራም ቅንድብ፣ ሽጉጥ። ሌላውን ነገሯን ያየላት የሀገሯ ሰው ነው።

ምርጥ ስራዋ የቱ ነው?

እዚህ ላይ ረዘም ላድርገው፣ ይቅርታ።

በናቫሮን ዓመት፣ 1961፣ ሀገሯ ውስጥ «አንቲጎን»ን ሰራች፣ ተሰሎንቄ ፌስቲቫል ላይ ምርጥ ተዋናይት ተባለች። በሚቀጥለው ዓመት ግን ዳይሬክተሩ ሚካኤል ካኮያኒስ የጥንቱ ግሪካዊ ዩሪፒደስ የጻፈውን «ኤሌክትራ»ን ወደ ፊልም አመጣው፣ እና እኔን ከጠየቃችሁኝ የሷ ሕይወት ለሁለት የሚከፈለው እዛ ጋ ነው። ጥቁርና ነጭ ነው። ሲጀምር ለብዙ ደቂቃ ማንም አይናገርም፣ ንጉሡ አጋሜምኖን ከጦርነት ይመለሳል፣ ሚስቱ ትቀበለዋለች፣ ገላውን ሲታጠብ መረብ ጥለውበት ይገድሉታል፣ አንድ ቃል የለም። ከዛ ልጁ ኤሌክትራ አድጋ ትመጣለች፣ ፀጉሯ አጭር ተቆርጦ፣ ለአንድ ምስኪን ገበሬ ተድራ፣ የንጉሥ ልጅ እንስራ ተሸክማ ውሃ ትቀዳለች። ከኋላዋ ጥቁር የለበሱ የመንደር ሴቶች ኮረብታው ላይ ተበታትነው ይቆማሉ፣ ኮረሱ፣ ማለትም በትራጄዲ ውስጥ በጋራ የሚናገረው ቡድን፣ እነሱ ናቸው፣ ልክ ቀብር የመጡ ባልቴቶች። ሙዚቃው የሚኪስ ቴዎዶራኪስ ነው። ፊልሙ ካን ላይ ተሸለመ፣ ኦስካርም ከውጭ ፊልሞች ጋር ታጨ።

ግን ዋናው ነገር ምን መሰላችሁ፣ ካኮያኒስ እዛ ላይ አላቆመም፣ እሷም አላቆመችም። 1971 ላይ «የትሮይ ሴቶች»፣ 1977 ላይ «ኢፊጌንያ»። ሶስቱም የአንድ ቤተሰብ ታሪክ ናቸው። በመጀመሪያው እናቷን የምታስገድለው ልጅ ናት። በሁለተኛው ጦርነቱ ሁሉ የተነሳባት ሔለን ናት፣ የእናትየዋ እህት ማለት ነው። በሶስተኛው ራሷ እናትየዋ፣ ክሊቴምኔስትራ። በ15 ዓመት ውስጥ ከገዳይዋ ልጅ ወደ ተገዳይዋ እናት ተሻገረች። 1962 ላይ «ይቺ እናት መሞት አለባት» ብለህ ከኤሌክትራ ጎን ቆመህ ነበር፣ 1977 ላይ ኢፊጌንያን ስታይ ደግሞ አባትየው ለጀልባ ንፋስ ብሎ የመጀመሪያ ልጇን ሊያሳርድ ሲያታልላት፣ ሙሽራ ናት ብለው አስመጥተው ለመስዋዕት ሲያቀርቧት፣ እናትየዋ ስትለምን፣ ስትረግም፣ መጨረሻ ላይ ያ የተጠበቀው ንፋስ መንፈስ ሲጀምርና መርከቦቹን በዛ ዓይኗ ስታይ፣ ከ10 ዓመት በኋላ ያንን ሰውዬ ገላ መታጠቢያው ውስጥ እንደምትገድለው ይገባሃል፣ እና አትፈርድባትም። እኔ ይሄንን ያደረገ ሌላ አክተር አላውቅም።

ከሔለኗም አንድ ሲን ልንገራችሁ። የተማረኩት የትሮይ ሴቶች ውሃ ጥም ሊገድላቸው ነው። ሔለን በእንጨት ቤት ተዘግቶባታል፣ መጀመሪያ የምናየው በእንጨቶቹ መሀል የሚንቀሳቀሱ ሁለት ዓይኖቿን ብቻ ነው። ውሃ ትጠይቃለች፣ ወታደሮቹ ያመጡላታል። አትጠጣውም፣ ገላዋን ትታጠብበታለች። ሴቶቹ ድንጋይ አንስተው ቤቱን ይወርዱበታል። በዛ ፊልም ላይ ካትሪን ሄፕበርንም ቫኔሳ ሬድግሬቭም አሉ፣ የአሜሪካው ናሽናል ቦርድ ኦፍ ሪቪው የዓመቱ ምርጥ ተዋናይት ብሎ የሸለመው ግን እሷን ነው።

«ዞርባ» ላይ ለምንድነው የማታወራው?

ጥሩ ጥያቄ። 1964፣ ካኮያኒስ፣ ቀርጤስ ደሴት። ስም እንኳን የላትም፣ «ባሏ የሞተባት» ብቻ ነው የምትባለው። የመንደሩ ወንድ ሁሉ ይመኛታል፣ ማንንም አትፈልግም፣ ጥፋቷ ይሄ ነው። አንድ ዝናብ ቀን ፍየሏ ትጠፋባታለች፣ ወንዶቹ ቡና ቤት ውስጥ ደብቀውባት እየሳቁ ነው፣ ገብታ በመሃላቸው ታልፋለች፣ የፊቷን ንቀት ማየት ነው። መንደሩ በእንግድነት የመጣ እንግሊዛዊ ልጅ ጃንጥላውን ይሰጣታል። በቃ፣ መንደር ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር ተደብቆ አይቀርም፣ መጨረሻው ቤተክርስቲያን በር ላይ በድንጋይ ወግረው አንገቷን ማረድ ነው።

ሰው ስለ ዞርባ ሲያወራ ጭፈራውን ነው የሚያስታውሰው፣ ያችን የባህር ዳር ዳንስ፣ ሰርግ ላይ ሁሉ የሚጫወቷትን ሙዚቃ። ከዳንሷ በፊት አንዲት ሴት በቀን በሰው ሁሉ ፊት እንደታረደች ይረሳል። ቃል ስለሌላት ይሆናል። ግን ከዛ ፊልም ቃላቱን ብታወጣው የሚቀረው የሷ ፊት ነው።

ስንት ኦስካር አላት?

ዜሮ። መታጨትም የለም። የተወነችባቸው ፊልሞች ግን ሲወስዱ ኖረዋል፣ ዞርባ ብቻውን 3 አግኝቷል፣ አንዱ ለረዳት ተዋናይት ነው፣ ለሊላ ኬድሮቫ፣ ይገባታልም። ቬኒስ ቢየናሌ 2009 ላይ በቲያትር ዘርፍ ለዕድሜ ልክ ስራዋ ወርቃማውን አንበሳ ሰጥቷታል። ከ70 በላይ ፊልም ሰርታ ኦስካር አንዴ እንኳን አላያትም፣ እኔ አሁንም ይገርመኛል።

ከሀገሯ ተሰዳ ነበር የሚባለው እውነት ነው?

አዎ። ሚያዝያ 1967 ላይ ኮሎኔሎች ግሪክን በመፈንቅለ መንግሥት ያዙ። እሷ ዝም አላለችም፣ በዛው ዓመት «አራተኛው ራይክ» ብላ ጠርታቸው (ሶስተኛው የሂትለር ነበር) ዓለም በባህልና በኪነጥበብ ማዕቀብ እንዲጥልባቸው ጠየቀች። እንደዛ ብሎ ደግሞ አገር መግባት የለም፣ ስለዚህ ጣሊያንና ኒውዮርክ ኖረች፣ ብሮድዌይና ኒውዮርክ መድረክ ላይ የግሪክ ትራጄዲ በእንግሊዝኛ ሰራች፣ «ሜዴያ»ን 1973 ላይ ማለት ነው። ጁንታው የወደቀው ሐምሌ 1974 ነው። እዛ የነሱ ኮሎኔሎች በወረዱበት ክረምት እዚህ የኛ ደርግ ገና ተቋቁሞ ሰው እየለቀመ ማሰር ጀምሮ ነበር፣ ታሪክ ተራ ይጠብቃል መሰለኝ።

በስደቱ ዘመን የሰራችው ትልቁ ፊልም «ዜድ» ነው፣ 1969፣ ዳይሬክተሩ ኮስታ ጋቭራስ። 1963 ላይ ተሰሎንቄ ውስጥ ስለተገደለው የፓርላማ አባል ስለ ላምብራኪስ ነው፣ ግሪክ ውስጥ መስራት ስለማይቻል አልጀርስ ላይ ተቀረጸ፣ ኦስካሩንም የወሰደው በአልጄሪያ ስም ነው። ሙዚቃው አሁንም የቴዎዶራኪስ፣ ሰውዬው ራሱ በዛን ጊዜ በጁንታው ግዞት ላይ ነበር። እሷ የሟቹ ሚስት ናት። አሁንም ብዙ አትናገርም። መጨረሻ ላይ ጠበቃው እየሮጠ መጥቶ ባለስልጣኖቹ ተከሰሱ ብሎ የምስራች ይነግራታል፣ ባህር ዳር ቆማለች፣ ፊቷ ላይ ደስታ የለም። ተመልካቹ ገና ሳይሰማ ነገሩ እንደሚቀለበስ በሷ ፊት ያውቀዋል፣ በእርግጥም ይቀለበሳል።

ግራዚያኒ ያለበት ፊልም ላይ አለች የሚባለውስ?

አለች! ይሄን የሚያውቅ ሰው ሲጠይቀኝ ደስ ይለኛል። ያው ሙስጠፋ አካድ ከ«ዘ ሜሴጅ» ቀጥሎ ክዊንንና እሷን ይዞ የሰራው «ላየን ኦፍ ዘ ዴዘርት» ነው፣ የሊቢያው አርበኛ የሸይኽ ዑመር ሙኽታር ታሪክ፣ 1931 ላይ ጣሊያኖች የሰቀሏቸው። እሷ ማብሩካ የምትባል ሊቢያዊት ናት፣ ሚናዋ ትልቅ አይደለም። ግን ኦሊቨር ሪድ የተጫወተው ጄኔራል ግራዚያኒ ያው የኛው ግራዚያኒ ነው፣ ሊቢያ ላይ ሕዝቡን ሽቦ አጥር ውስጥ አጉሮ ከጨረሰ በኋላ ነው ወደኛ የመጣው፣ የካቲት 12 ቀን 1929 በኛ አቆጣጠር አዲስ አበባን ደም በደም ያደረገው። ስድስት ኪሎ ሐውልቱ ስር ያለፈ ሰው ይሄን ፊልም ሲያይ ቀጥሎ የሚመጣውን ያውቃል። ጣሊያን ፊልሙን የሠራዊታችንን ክብር ይነካል ብላ ለብዙ ዓመት ከልክላው ኖራለች።

ዘፋኝም ነበረች እንዴ?

ዘፋኝ ነኝ አላለችም ግን ድምጿ አለ። ከቫንጌሊስ ጋር ነው፣ የ«ቻርየትስ ኦፍ ፋየር»ን ሙዚቃ የሰራው ሰውዬ። በ1972 እሱ የነበረበት ባንድ ከዮሐንስ ራዕይ ተነስቶ «666» የሚል አልበም አወጣ፣ እዛ ላይ አንድ ትራክ አለ፣ እሷ «ነበርኩ፣ ነኝ፣ እመጣለሁ» አይነት ቃል እየደጋገመች ከሹክሹክታ ወደ ጩኸት ትሄዳለች። ማታ ለብቻችሁ በጆሮ ማዳመጫ አትስሙት፣ ጎረቤት ካለም አትክፈቱት፣ ምን እያየህ ነው ይላችኋል።

የኔ ምርጥ ግን ሌሎቹ ሁለቱ ናቸው። «ኦድስ» 1979፣ የገጠር ዘፈኖች ናቸው። «ራፕሶዲስ» 1986፣ የቢዛንታይን ቤተክርስቲያን ዜማዎች፣ የስቅለትና የትንሳኤ። የኛ ሰው ቃሉን ባያውቀውም ጆሮው ይቆማል፣ ምክንያቱም ስቅለት ስንሰግድ የምንለው «ኪርያላይሶን» ራሱ ግሪክኛ ነው፣ ያው ቋንቋ ነው የምትዘምርበት። እናቴ አንዴ ሰምታ «የት ገዳም ነው?» አለችኝ። ሲንተሳይዘር ነው አላልኳትም።

ከማርሎን ብራንዶ ጋር ነበሩ?

ነበሩ። በ1950ዎቹ አጋማሽ ነው የተገናኙት፣ እሷ አላወራችም፣ እሱም አላወራም። 2004 ላይ እሱ ሲሞት ነው ለአንድ የጣሊያን ጋዜጣ የሕይወቷ ትልቁ ፍቅር እሱ እንደነበር የተናገረችው። 50 ዓመት ገደማ አፏን ይዛ! ሁለተኛ ትዳር 1957 ላይ ሞክራ ወዲያው ፈርሷል። ልጅ የላትም። ከዚህ በላይ ሐሜት እዚህ የለም።

ሚኒስትር የሆነችው እሷ ናት?

አይ፣ እሷ መሊና መርኩሪ ናት። «ኔቨር ኦን ሰንደይ» ፊልም ላይ የተወነችው፣ በኋላ የባህል ሚኒስትር የሆነችው፣ የአክሮፖሊስን እብነ በረድ እንግሊዞች ይመልሱ ብላ የተሟገተችው። ሁለቱም ጁንታውን የተቃወሙ፣ ሁለቱም በካኮያኒስ ፊልም የሰሩ ስለሆነ ይምታታል። ቀላሉ መለያ፣ ስትስቅ ካየሃት መሊና ናት።

ካረጀች በኋላ ምን ሰራች?

ብዙ። ከገብርኤል ጋርሲያ ማርኬዝ ታሪክ በተሰራው «ኤሬንዲራ» ላይ፣ 1983፣ የልጅ ልጇን የምትሸጥ ጨካኝ አያት ሆነች፣ እሱም በጣም ጥሩ ነው። 2001 ላይ ከኒኮላስ ኬጅና ከፔኔሎፔ ክሩዝ ጋር «ካፕቴን ኮሬሊስ ማንዶሊን»፣ ፊልሙ እንደነገሩ ነው፣ እሷ ስትገባ ብቻ ግሪክ ግሪክ ይሸታል። 2003 ላይ የፖርቱጋሉ ማኖኤል ደ ኦሊቬይራ ፊልም አለ፣ መርከብ ላይ አንድ ገበታ ዙሪያ ተቀምጠው ሁሉም በየራሱ ቋንቋ ያወራል፣ ሁሉም ይግባባል፣ እሷ ተነስታ የገጠር ዘፈን ትዘፍናለች፣ «ኦድስ» ላይ ያለችውን «ኔራንትዙላ»ን። ልጆች የሚማሩበት የድራማ ትምህርት ቤት አቴንስ ላይ ከድሮ ፋብሪካ እንዲወጣ ስትለፋም ነበር።

መቼ ሞተች?

መስከረም 14 ቀን 2022። በኛ መስከረም 4 ቀን 2015፣ የእንቁጣጣሽ ዶሮ ገና ድስቱ ውስጥ እያለ ነው ዜናውን ያየሁት። አልዛይመር እንዳለባት 2018 ላይ ተነግሮ ነበር፣ የመጨረሻ ዓመታቷን ያሳለፈችው እዛው ኪሊዮሞዲ ነው፣ የተቀበረችውም እዛው፣ በቤተሰቦቿ መቃብር። ይሄ ሁሉ ጽሑፍ በቃሏ ይዛ የኖረች ሴት መጨረሻ ላይ መርሳቷ ከባድ ነው፣ ስለሱ ብዙ መጻፍ አልፈልግም።

ከየትኛው ልጀምር?

ሂንድን ካወቅህ ሂንድን ድገማት፣ አሁን በሌላ ዓይን ታያታለህ። ከዛ ዞርባ። ከዛ ኤሌክትራ፣ ስልክህን ሌላ ክፍል አስቀምጠህ፣ ምክንያቱም መጀመሪያው ላይ ንግግር ስለሌለ እጅህ ወደ ስልክ ይሄዳል፣ እና ቀና ስትል ንጉሡ ሞቷል። «የትሮይ ሴቶች» እንግሊዝኛ ነው፣ ኤሌክትራና ኢፊጌንያ ግሪክኛ ስለሆኑ ሰብታይትል ፈልግላቸው። ኢፊጌንያን ሴት ልጅ ያለህ ሰው ከሆንክ ልጅቷ ከተኛች በኋላ እየው፣ እኔ ግማሽ ላይ አቁሜ ክፍሏ ገብቼ አይቻት ነው የተመለስኩት።